ድሮኑን ትታችሁ ቀጨኔ ግቡ

ስለማይታወቁ ማኅበረሰቦች ዶክመንተሪ ስለመሥራት ያነበብኩት አንድ ጽሑፍ፣ ለዚህ ኦሞ ድረስ መውረድ የግድ ያስመስለዋል። ኦሞማ ካሜራ ሰልችቶታል! እኔ የምኖረው ከእንጦጦ ሥር፣ ቀጨኔ አጠገብ ነው። ሸክላ ሠሪ እናቶች እዚሁ አሉ። አብዛኛው የአዲስ አበባ ሰው ጀበናቸውን እንጂ እነሱን አያውቅም።

ካሜራ ይዘው የሚመጡትም ድሮን ያስነሱና ቡና ሳይጠጡ ይሄዳሉ። የመጀመሪያ ጥያቄያቸው ደግሞ ስለ ቡዳ ነው። ኧረ ተዉ! ዐፄ ምኒልክ እንኳ ባለሙያን በሙያው መስደብን በ1900 ዓ.ም. በአዋጅ ከልክለዋል።

ሥራውን አሳዩን። ገል፣ ማለትም የሸክላ ስባሪ፣ ተወቅጦና ተነፍቶ ከጭቃው ጋር ሲለወስ። የዕቃው ዙሪያ በእጅ ብቻ ሲነሳ። ደርቆ በለስላሳ ድንጋይ ሲታሽ። ከዚያ ሜዳ ላይ በእንጨትና በባሕር ዛፍ ቅጠል ይተኮሳል፤ ጭሱ ዓይን አያስገልጥም። ድምፁንም በደንብ ቅዱት። በደንብ የበሰለ ሸክላ በጣት ሲመታ ይጮኻል፤ የተሰነጠቀው ድምፁ ይታፈናል። ገዢ የሚለየው በዚህ ነው።

ደግሞ ፊልሙን ከመልቀቃችሁ በፊት እዚያው ሰፈር ስክሪን ዘርግታችሁ አሳዩአቸው። «ይሄን አውጡት» ካሉ ማውጣት ነው። ክፍያም አትርሱ፤ ቀኑን ሙሉ ለካሜራ የተቀመጠች ሴት የዚያን ቀን ገበያ አጥታለች።