ስሌትም ሒሳብ ነው

በሒሳብ ሰዎች ዘንድ የቆየ ንቀት አለ፦ ማረጋገጫ የሒሳብ ሊቅ ሥራ ነው፤ ኒውመሪካል ስሌትና ሲሙሌሽን ግን የመሐንዲስ። ንቀቱ የዘርፉን ታሪክ አያውቅም።

እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ መጀመሪያ በአሜሪካው ሎስ አላሞስ ላቦራቶሪ ውስጥ ኤንሪኮ ፌርሚ፣ ጆን ፓስታና ስታኒስላቭ ኡላም ማኒያክ በተባለው ኮምፒውተር ላይ በሞላ የተያያዙ ክብደቶችን አነዘሩ። የሞላዎቹ ጉተታ ከመለጠጣቸው ጋር ልክ በልክ አይመጣጠንም፤ በትንሹ ይዛነፋል። በዚያች ዝንፈት የተነሳ ለአንድ የንዝረት ዓይነት ብቻ የተሰጠው ኃይል ውሎ አድሮ ለሁሉም እኩል ይዳረሳል ብለው ጠበቁ። አልሆነም። ኃይሉ ጥቂቶቹን ጎብኝቶ ሙሉ በሙሉ በሚባል ደረጃ ወደ ጀመረበት ተመለሰ። (ፕሮግራሙን የጻፈችው ሜሪ ጺንጉ በ1955ቱ ሪፖርት ያገኘችው የምስጋና መስመር ብቻ ነው።)

በ1965 ኖርማን ዛቡስኪና ማርቲን ክሩስካል እንቆቅልሹን ሲከታተሉ፣ አሁንም በስሌት፣ ተጋጭተው ቅርጻቸውን ሳይለውጡ የሚተላለፉ ሞገዶችን አገኙ፤ ሶሊተን አሏቸው። ብዙው ቲዎረም የመጣው ከዚያ ወዲህ ነው። ማሽኑ ባይኖር ጥያቄውን እንኳ ማን ያነሳው ነበር?

ማሽኑን በጭፍን እንመን ማለቴ ግን አይደለም። ከ1 ጀምሮ ለእያንዳንዱ ቁጥር በብቸኛ (ፕራይም) አካፋዮቹ መሠረት +1፣ −1 ወይም 0 እየሰጣችሁ ብትደምሩ፣ የድምሩ መጠን ከደረሳችሁበት ቁጥር ስኩዌር ሩት አይበልጥም፤ ይህ የፍራንዝ መርተንስ የ1897 ግምት ነው። በቢሊዮን የሚቆጠሩ ቁጥሮች ተፈትሸው አንድም አላፈነገጠም። በ1985 ግን አንድሪው ኦድሊዝኮና ሄርማን ቴ ሪል ግምቱን አፈረሱት። የሚፈርስበትን ቁጥር ለይቶ ያሳየ እስካሁን የለም፤ ማረጋገጫቸው ግን ራሱ በኮምፒውተር የቆመ ነው፦ ከብቸኛ ቁጥሮች ጋር የተሳሰረው የሪማን ዜታ ፈንክሽን የመጀመሪያ 2,000 ዜሮዎች (ፈንክሽኑ ዜሮ የሚሆንባቸው ነጥቦች)፣ እያንዳንዳቸው እስከ 100 አኃዝ ተሰልተው።

ማረጋገጫን ከጭፍን እምነት የሚለየው የስህተት ገደብ ነው፦ ስህተቱ ከምን እንደማይበልጥ ማወቅ። ኤድዋርድ ሎሬንዝ በ1963 በኮምፒውተር ያየውን ትርምስ (ኬኦስ፦ በመነሻ ላይ ያለ ቅንጣት ልዩነት ውሎ አድሮ ውጤቱን ሁሉ የሚለውጥበትን ባሕርይ) ዋርዊክ ተከር በ2002 ያረጋገጠው እያንዳንዱን ውጤት በታችና በላይ ወሰን መካከል አስሮ ነው፤ ማጠጋጋት የሚደበቅበት ቦታ አጣ።

ኒውመሪካል አናሊሲስ (መልስን በቁጥር አቅርቦ የማስላት ጥናት) የቀመር መሸምደጃ ኮርስ ሲሆን የሚያናድደኝ ለዚህ ነው። ተማሪው በካልኩሌተር እስከ አራተኛ አኃዝ አውጥቶ ስህተቱ ከምን እንደማይበልጥ ካልተጠየቀ ምን ተማረ? እኔ ብሆን ፈተናው ላይ መልሱን ሰጥቼ ገደቡን እጠይቀው ነበር።