ቁጥሩ ያለቦታው ተቀርጿል

አሜሪካ ውስጥ የጠመንጃ በርሜል በፖስታ ታዞ ቤት ድረስ ይመጣል። ሰደፉም ይመጣል። ቃታው፣ መዶሻው፣ ካዝናው፣ ጥይቱን ገፍቶ ወደ በርሜል የሚያጎርሰው ቦልት፣ ሁሉም እንደ ጫማ በካርቶን ታሽጎ ይላካል። በፌዴራሉ ሕግ «አንተ ማነህ? የወንጀል ሪከርድ አለብህ ወይ?» ብሎ የሚጠይቅ የለም። አንዲት ዕቃ ብቻ ስትቀር።

ያቺ ዕቃ ሎወር ሪሲቨር ትባላለች። ኤአር-15 የሚባለው ጠመንጃ ከላይና ከታች ለሁለት የሚከፈል ነው፤ እሷ የታችኛዋ ናት። ባዶዋን ስትሆን ሩብ ኪሎ ገደማ ብትመዝን ነው። ብዙ ጊዜ ከአሉሚኒየም ትሠራለች፤ ከፕላስቲክ የተሠራችም አለች። ከፊት ካዝና የሚገባበት አራት ማዕዘን ክፍተት አላት። ከኋላ የሰደፉ ቱቦ የሚጠመድበት ቀለበት አለ። መሃሏ ጎድጓዳ ነው፤ ቃታና መዶሻ እዚያ ይቀመጣሉ። ጎኗ ላይ የአምራቹ ስም፣ ሞዴሉና መለያ ቁጥሩ ተቀርጿል።

በሕግ ዓይን ጠመንጃው ይኸው ነው። አትተኩስም፣ በርሜል የላትም፣ ባዶዋን ከሆነች ቃታም የላትም። ግን አዲስ ለመግዛት፣ ፈቃድ ያለው ነጋዴ ጋ መሄድ፣ ቅጽ 4473 መሙላትና የወንጀል ሪከርድ ማጣሪያውን ማለፍ ግድ ነው። የቀረውን ሰው ቤቱ ወስዶ ይገጣጥመዋል። መገጣጠሙን ብዙዎች እንደ ትርፍ ጊዜ ማሳለፊያ ይዘውታል። የሞከሩት ሁሉ የሚያወሩት ታሪክም አንድ ነው፤ ከስፕሪንግ ጋር የምትገባ አንዲት ሚጢጢ ብረት ከእጅ ተስፈንጥራ ሶፋ ሥር ትገባለች፣ ከዚያ በባትሪ መብራት ፍለጋ ነው።

በዚህ ማንንም አልወቅስም። ሰው በገዛ ሕጉ የተፈቀደለትን ዕቃ ቢገጣጥም የራሱ ጉዳይ ነው። እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። አገሩ የመሣሪያ ቁጥጥሩን በሙሉ ያንጠለጠለው በጠመንጃው ውስጥ ሸክሙ ከሁሉ በቀለለ ክፍል ላይ መሆኑ ነው።

ነገርን ከሥሩ ውሃን ከጥሩ ነውና ወደ 1960ዎቹ እንመለስ። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።) ፕሬዚዳንት ኬኔዲ በ1963 የተገደሉበት ጠመንጃ ቺካጎ ከሚገኝ የስፖርት ዕቃ መደብር በፖስታ የታዘዘ ነበር። ዋጋው ከነማነጣጠሪያ መነጽሩ 19 ዶላር ከ95 ሳንቲም። ገዢው በሐሰት ስም አዘዘ፤ ተላከለት። ከዓመታት ክርክር በኋላ፣ ማርቲን ሉተር ኪንግና ሮበርት ኬኔዲም በተገደሉበት በ1968፣ የጦር መሣሪያ ቁጥጥር ሕጉ ወጣ። በፖስታ የሚደረገው የጠመንጃ ንግድ ቆመ። ፈቃድ ያላቸው አምራቾችና አስመጪዎች የሚያቀርቡት እያንዳንዱ መሣሪያም መለያ ቁጥር እንዲኖረው ታዘዘ።

ታዲያ ቁጥሩ የት ላይ ይሁን? ሕጉ የመረጠው ፍሬሙን፣ ማለትም የሽጉጡን አካል፣ ወይም ሪሲቨሩን ነው። ደንቡ ደግሞ ሪሲቨር ምን እንደሆነ ተረጎመ፤ መዶሻውን፣ ቦልቱንና የመተኮሻውን አካል አቅፎ የሚይዝ፣ አብዛኛውን ጊዜም በርሜሉ ከፊት ለፊቱ የሚጠመድበት ክፍል።

ለጊዜው ጥሩ ትርጉም ነበር። የ1898ቱን የጀርመኖች ማውዘር እንውሰድ። በማውዘር ሪሲቨሩ እውነትም የጠመንጃው እምብርት ነው። በርሜሉ እሱ ላይ ይጠመዳል። ቦልቱ ውስጡ ይመላለሳል። ጥይቱ ሲፈነዳ የቦልቱን ጥርሶች የሚይዘውና ግፊቱን የሚሸከመው እሱ ነው። ጠንካራ ብረት ካልሆነ ተኳሹ ፊት ላይ ይፈነዳል። ማንም ጋራዡ ውስጥ እንደ ዋዛ የሚሠራው ነገር አይደለም። ቁጥር እዚያ ላይ መቅረጽ ትክክል ነው።

ጉዱ ያለው ሕጉ ከመውጣቱ በፊት ዩጂን ስቶነር የሚባሉት መሐንዲስ ሌላ ዓይነት ጠመንጃ ሠርተው መጨረሳቸው ላይ ነው። አርማላይት ለተባለው ኩባንያ የነደፉት ኤአር-15 በ1959 ኮልት ለተባለው የመሣሪያ ኩባንያ ተሸጧል። ስቶነር ክብደት መቀነስ ፈለጉ። ስለዚህ የቦልቱ ጥርሶች ከበርሜሉ ጋር በተያያዘ የብረት አንገት ውስጥ እንዲቆለፉ አደረጉ። የፍንዳታውን ኃይል እርስ በርሳቸው የሚይዙት ቦልቱና በርሜሉ ሆኑ። የቀረው አካል ቀላል አሉሚኒየም ቢሆን ምንም አይደለም። ድንቅ ሐሳብ ነው፤ በዚህ አላማም።

ግን ሪሲቨሩ ለሁለት ተከፈለ። መዶሻና ቃታ ከታች ቀሩ። ቦልትና በርሜል ወደ ላይኛው ክፍል ሄዱ። የደንቡን ትርጉም ይዘህ ብትፈልግ ሁሉንም አሟልቶ የሚገኝ አንድም ክፍል የለም። ተቆጣጣሪው መሥሪያ ቤት፣ ኤቲኤፍ የሚሉት የአልኮል፣ የትምባሆ፣ የጦር መሣሪያና የፈንጂ ቢሮ፣ የታችኛዋን መረጠ። በኤፍኤን ፋል ጠመንጃ ላይ ግን የመረጠው የላይኛውን ነው። ሁለቱም ለሁለት የሚከፈሉ ጠመንጃዎች ናቸው። በአንዱ ላይኛው፣ በሌላው ታችኛው። ለዚህ ምክንያት ፈልጌ ያገኘሁት ልማድ ብቻ ነው።

ፍርድ ቤት ሲደረስ ነገሩ ተጋለጠ። በ2016 ሰሜን ካሊፎርኒያ ውስጥ ዳኛ ጄምስ ዶናቶ በአንዲት ሎወር ላይ የተመሠረተን ክስ ውድቅ አደረጉ። ምክንያታቸው ቀላል ነው፤ ይቺ ዕቃ የደንቡን ትርጉም አታሟላም። በ2019 ደግሞ በዚያው ግዛት ሌላ የፌዴራል ዳኛ ወደ ተመሳሳይ መደምደሚያ ሲያዘነብሉ ዐቃቤ ሕጉ ፍርዱ ከመጽናቱ በፊት ከተከሳሹ ጋር ተስማማ። ለምን እንደቸኮለ መገመት አያቅትም። በሚሊዮን የሚቆጠር ጠመንጃ በሰዎች እጅ አለ። ሎወር ሪሲቨር አይደለችም ከተባለ በሕጉ መሠረት ቁጥር የተቀረጸበት ጠመንጃ የለም ማለት ነው።

በ2022 ኤቲኤፍ ትርጉሙን አደሰ። በአዲሱ ደንብ የረዥም ጠመንጃ ሪሲቨር የሚባለው ቦልቱን፣ ማለትም የበርሜሉን ኋላ የሚዘጋውን አካል የሚይዘው ክፍል ነው። ልብ በሉ፤ በዚህ ትርጉም የኤአር-15 ሪሲቨር የላይኛው ሊሆን ነው! ደንቡ ግን ወረድ ብሎ «ለኤአር-15 ሲሆን ታችኛው ነው» የሚል ልዩ ድንጋጌ አስገባ። የአገሩን በጣም ታዋቂ ጠመንጃ በስሙ ጠርቶ ከገዛ ትርጉሙ ማስወጣት ምን ይባላል? በግልጽ አማርኛ፣ ጨርቅ መጣፍ ነው። የተበላሸው ከብዙ ዓመት በፊት ነው፣ አሁን ቢነካ ሁሉም ይናዳል ተብሎ ተፈራ።

ደንቡ ግን አንድ ጠቃሚ ሥራ ሠርቷል። «ጎስት ጋን» የሚሏቸውን፣ መለያ ቁጥር የሌላቸውን መሣሪያዎች ይመለከታል። ሻጮቹ ያላለቀ ሎወር ወይም ያላለቀ የሽጉጥ ፍሬም አዘጋጅተው «ይሄ ገና ብረት ነው፣ ጠመንጃ አይደለም» እያሉ ይሸጡ ነበር። ትንሽ ቢበሱትና ቢሞርዱት ያልቃል። ቁጥር የለ፣ ማጣሪያ የለ። በ2017 ፖሊሶች ለምርመራ የላኳቸው እንዲህ ያሉ መሣሪያዎች 1,600 ገደማ ነበሩ። በ2021 ከ19,000 በላይ ሆኑ። ደንቡ «በቀላሉ ተሠርቶ የሚያልቅ ከሆነ እንደ መሣሪያ ይቆጠራል» አለ።

ሻጮቹና ገዢዎቹ ከሰሱ። በጥቅምት 2024 ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሲከራከሩ ዳኛ አሊቶ፣ ጠረጴዛ ላይ እንቁላል፣ የተከተፈ ሥጋና ቃሪያ ባስቀምጥ ኦምሌት ነው ወይ ብለው ጠየቁ። ሳቅ ያለበት ክርክር ነበር፤ ጥያቄው ግን የቀልድ አይደለም። በመጋቢት 2025 ፍርዱ መጣ፤ ሰባት ለሁለት፣ ደንቡ ይጸናል። የጻፉት ዳኛ ጎርሰች ናቸው፤ ለጦር መሣሪያ መብት ጠላት የሚባሉ ሰው አይደሉም። አንድ ሰው ተገጣጣሚ የቤት ዕቃ ከሚሸጠው ከኢኬያ ጠረጴዛ ገዛሁ ሲል ገና የሰዓታት መገጣጠም ቢቀረውም ጠረጴዛ ነው የገዛው አሉ። አይቶት የማያውቅ ሰው ከአንዱ ኪት፣ ማለትም ክፍሎቹ ለመገጣጠም አንድ ላይ ከሚሸጡበት ጥቅል፣ በተራ መሣሪያዎችና በዩቲዩብ ቪዲዮ እየታገዘ በ21 ደቂቃ የሚተኩስ ሽጉጥ እንዳወጣም ጠቀሱ።

ፍርዱ ትክክል ነው ብዬ አምናለሁ። ቢሆንም የመለሰው «መቼ ነው ሪሲቨር የሚሆነው?» የሚለውን ነው። «ለምን ሪሲቨር ብቻ?» የሚለውን አልነካም፤ ሊነካም አይችልም፣ የኮንግረስ ሥራ ነውና።

አሁን ወደ ዋናው ነገሬ። ወንጀል ከተፈጸመ በኋላ መርማሪ መሬት ላይ ምን ያገኛል? ጥይትና ቀለህ። ጥይቱ ላይ ያለው ጭረት የበርሜሉ ነው። በርሜል ውስጡ ጠመዝማዛ ቦይ አለው፤ ጥይቱ ሲያልፍ ይቧጨርበታል። ቀለሁ ቂጥ ላይ ያለው ጠባሳ የመቺው መርፌና የቦልቱ ፊት ነው። ቀለሁን ጎትቶ የሚያወጣው ጥፍርም የራሱን ምልክት ይተዋል። እነዚህ ሁሉ ያሉት ከላይኛው ክፍል ነው። ሎወሯ ጥይቱንም ቀለሁንም አትነካም።

ሁለቱን ክፍሎች ያያያዙት ደግሞ ሁለት ፒኖች ናቸው። ሁለቱን ገፋ፣ ጠመንጃው ለሁለት ይከፈላል። ለጽዳት እንዲመች ነው የተሠራው። አሻራውን የሚተወው ክፍል ያለ ቁጥር በፖስታ ይገዛል፣ ያለ ወረቀት ይቀየራል፣ ያለ ወረቀት ይጣላል። ቁጥር ያላት ሎወር ንጹሕ ሆና ቤት ትቀመጣለች። መርማሪው ቀለሁን ከቦልቱ ጋር ቢያገናኝ እንኳን ቦልቱ የማን እንደነበር የሚነግረው ቁጥር የለም። ይህን ያህል ግልጽ ቀዳዳ ለግማሽ ምዕተ ዓመት ተከፍቶ መቆየቱ ይገርመኛል።

ሌላው ዓለም እንዲህ አያደርግም። የ2001ዱ የተባበሩት መንግሥታት የጦር መሣሪያ ፕሮቶኮል ስለ ክፍሎች ሲናገር በርሜልን፣ ፍሬምን ወይም ሪሲቨርን፣ ስላይድን፣ ሲሊንደርንና ቦልትን ይዘረዝራል። የአውሮፓ ኅብረት መመሪያም «አስፈላጊ ክፍል» የሚለው በርሜሉን፣ ቦልቱን፣ ላይኛውንም ታችኛውንም ሪሲቨር ነው። ጀርመን ከ2020 ወዲህ ሁለቱንም የሪሲቨር ክፍሎች በሕጓ አስገብታለች። «ጠመንጃው የትኛው ክፍል ነው?» የሚለው የአሜሪካኖች ራስ ምታት እዚያ ብዙም አያስጨንቅም። የሚያስተኩሰው ሁሉ ይመዘገባላ!

ተቃውሞ የለም አልልም። በርሜል አላቂ ዕቃ ነው፤ ብዙ የሚተኩስ ሰው ይቀይረዋል። በየቅያሪው ወረቀት መሙላት ያማርራል፤ በተለይ ከከተማ ርቆ ለሚኖር አዳኝ። ይህ እውነተኛ ቅሬታ ነው። ያረጀውን መልሶ አዲሱን ለሚወስድ ሰው አጭር መንገድ ቢበጅለት ይቃለላል። «ወንጀለኛ ቁጥሩን ይሞርደዋል» የሚለው ደግሞ ሎወሯንም ይመለከታል። እሷም ትሞረዳለች፤ ቁጥር ይኑራት የሚለው ሕግ ግን በዚህ ምክንያት አልተሰረዘም።

ሦስተኛው፣ ከሁሉም በላይ የሚጮኸው፣ «ይሄ ወደ ብሔራዊ መዝገብ የሚወስድ መንገድ ነው» የሚለው ነው። የ1986ቱ ሕግ የፌዴራል መንግሥት የጠመንጃ ባለቤቶችን መዝገብ እንዳያቋቁም ይከለክላል። ክልከላው ቀልድ እንዳልሆነ ለማየት ዌስት ቨርጂኒያ፣ ማርቲንስበርግ ያለውን የኤቲኤፍ ማዕከል መመልከት ይበቃል። ፖሊስ ቁጥር ሲልክ ሠራተኞቹ በባለቤት ስም የሚፈልጉበት ኮምፒውተር የላቸውም። መጀመሪያ አምራቹን፣ ከዚያ አከፋፋዩን፣ ከዚያ ቸርቻሪውን ይጠይቃሉ። ከሥራ የወጡ ነጋዴዎች መዝገብ ከሆነ የቅጾችን ምስል አንድ በአንድ ያገላብጣሉ። በርሜልና ቦልት ቁጥር ቢኖራቸው በዚሁ ቀርፋፋ መንገድ ነው የሚፈለጉት። አዲስ መዝገብ አይወለድም።

ወደ ኋላ ሄዶ የሰውን ሁሉ በርሜል እንሰብስብ የሚል ሐሳብ የለኝም፤ አይሆንም። ከዛሬ ወዲያ ከሚመረቱት ይጀመር። ፋብሪካዎቹ አሁንም በርሜሉ ላይ የጥይቱን ዓይነትና የውስጡን ጠመዝማዛ ልክ ይቀርጻሉ። ከዚያው ጎን ቁጥር ለመጨመር አዲስ ማሽን አያስፈልጋቸውም። የሚያስፈልገው ኮንግረስ በ1968ቱ ሕግ ላይ፣ ፍሬም ወይም ሪሲቨር ከሚለው አጠገብ፣ በርሜልና ቦልት የሚሉ ሁለት ቃላት እንዲጨምር ነው።