17 ዓመት፦ ማቅለያ ነው ማክበጃ?

በ1993 እ.ኤ.አ. ነው። አሜሪካ፣ ሚዙሪ ውስጥ ክሪስቶፈር ሲመንስ የሚባል የ17 ዓመት ልጅ ከ15 ዓመት ጓደኛው ጋር በሌሊት አንዲት ሴት ቤት ገባ። ሴትዮዋን አስረው ወስደው ከድልድይ ላይ ወንዝ ውስጥ ወረወሯት። ሲመንስ ሞት ተፈረደበት። በ2005 እ.ኤ.አ. ግን የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት 5 ለ4 በሆነ ድምፅ፣ ወንጀሉን ሲፈጽም 18 ዓመት ያልሞላውን ሰው በሞት መቅጣት ሕገ መንግሥቱን ይጥሳል አለ። ዕድሜ ቅጣት ያቅልል ወይ በሚለው ላይ አንዲት ጸሐፊና አንድ ጸሐፊ እንዲህ ተሟገቱ።

አይቅለል

ይህ ልጅ ከግድያው በፊት ለጓደኞቹ ያላቸው መዝገብ ላይ ሰፍሯል። ዕድሜያችን ስላልደረሰ ምንም አንሆንም ነው ያላቸው። እንግዲህ ሕጉ የሚቆጥረውን ዕድሜ እሱም ቆጥሮታል። ልጅነቱን ጋሻ አድርጎ ነው የወጣው።

ደግሞ ያን ሌሊት 8 ሰዓት ላይ የተገናኙት ሦስት ነበሩ። ሦስተኛው 16 ዓመቱ ነው። ሳይነሱ ጥሏቸው ሄደ። አንጎላቸው አልበሰለም ስንል የትኛውን ነው የምንለው? የ16 ዓመቱ ልጅ ክፉና ደጉን ለየ። ታላቁ ለየና ክፉውን መረጠ።

ይቅለል

እህቴ፣ መዝገቡን ካነሱት አይቀር ወደ ታች እንውረድ። ከገደለ በኋላ ምን አደረገ? ለጓደኞቹ ጉራውን ነዛ! ፖሊስ ከትምህርት ቤቱ ወሰደው። ሁለት ሰዓት ባልሞላ ምርመራ አመነ። አልፎ ተርፎ ቦታው ድረስ ሄዶ እንዴት እንዳደረገው በቪዲዮ አሳየ። አሰላ የሚሉት ይህን ልጅ ነው? ስሌቱ ሁለት ቀን እንኳ አልዋለለትም። አያቶቻችን «የልጅ ነገር ሁለት ፍሬ፣ አንዱ ብስል አንዱ ጥሬ» የሚሉት እንዲህ ያለውን ነው።

የእኛም የ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ ይህን ያውቃል። ከ9 ዓመት በታች ያለ ልጅ በወንጀል አይጠየቅም። ከ9 እስከ 15 ላለው የራሱ ልዩ እርምጃ አለው። ከ15 እስከ 18 ያለው በመደበኛው ሕግ ይዳኛል፣ ፍርድ ቤቱ ግን ቅጣቱን ሊያቀልለት ይችላል። ሞት ደግሞ 18 ባልሞላው ላይ ጭራሽ አይፈረድም።

አይቅለል

ሞትን ተዉት። እኔም ለገመድ አልተሟገትኩም።

የእኔ ጥያቄ ሌላ ነው። ዕድሜውን ማን ያውቃል? በአገራችን የልደት ምዝገባ በመላ አገሪቱ የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ነው። ዛሬ 15 ወይም 17 ነው የሚባለው ልጅ ከዚያ በፊት የተወለደ ነው። እናት መጥታ 14 ነው ትላለች። የሟች ወገን 19 ነው ይላል። ሐኪም የእጁን አንጓ ራጅ ያነሣል። ራጁም ቢሆን በዓመት በሁለት ዓመት ወዲያ ወዲህ ይላል። የሰው ነፍስ ጠፍቶ ክርክሩ የአጥንት ክርክር ሆኖ ያርፋል። የሟች እናት ችሎት ተቀምጣ ስለ ልጇ አንድ ቃል ሳይነሣ የገዳዩ አጥንት ሲለካ ትሰማለች።

ይቅለል

ይህ ልክ ነው፣ ያማል። ግን መፍትሔው ዕድሜን መጣል አይደለም። ራጁ ካጠራጠረ ጥርጣሬው ለተከሳሹ ነው።

ዕድሜን ከጣልነው ምን እንደሚመጣ እዚያው ሚዙሪ ታይቷል። የሲመንስ ጠበቃ ዕድሜውን አንሥቶ ጁሪውን፣ ማለትም ለፍርድ የተቀመጡትን ተራ ዜጎች፣ ማሩልኝ አለ። ዓቃቤ ሕጉ ተነሥቶ፣ 17 ዓመት አያስፈራችሁም ወይ ብሎ ጠየቃቸው። ማቅለያ ነው የተባለውን ገልብጦ ማክበጃ አደረገው። ጁሪውም ሞት ይፈረድበት አለ። እኔን የሚያስፈራኝ ይህ ነው።

ደግሞ የእኛ ሕግ «ሊያቀል ይችላል» ነው የሚለው። ያቅል ብሎ ዳኛውን አላሰረም። የ17 ዓመት ልጅ ጨክኖ አቅዶ ከገደለ ዳኛው ያን ማየት ይችላል። እርስዎ የጠሉት በር የተገረበበ እንጂ የተበረገደ አይደለም።

አይቅለል

እሺ። ሲመንስ ከሞት ዳነ እንጂ ያለ አመክሮ የዕድሜ ልክ እስር ነው የተተካለት። ለዚህም ይቅለል ይላሉ?

ይቅለል

እላለሁ። ኢትዮጵያ የተቀበለችው የሕፃናት መብቶች ስምምነት አንቀጽ 37፣ 18 ሳይሞላው ላጠፋ ልጅ የመፈታት ዕድል የሌለውን የዕድሜ ልክ እስር ይከለክላል። አሜሪካ ያን ስምምነት አላጸደቀችም። ይፈታ አላልኩም። በ17 ዓመቱ የገባ ሰው 40 ሲሞላው አንድ ቀን ዳኛ ፊት ቀርቦ ምን ሆንክ፣ ምን ለወጠህ ተብሎ ይጠየቅ ነው ያልኩት።

አይቅለል

እሱ በቀረበ ቁጥር የሟች ልጆችም መቅረባቸው ነው። እነሱንስ ስንት ጊዜ እንጥራቸው?