«ቂሮስ ማለት ፀሐይ ነው» ስለሚባለው

ለልጃችሁ ቂሮስ የሚለውን ስም የመረጣችሁ እንኳን ደስ አላችሁ። «በፋርስኛ ፀሐይ ማለት ነው» እየተባለ የሚዞረውን ግን በክርስትና ካርዱ ላይ ከማሳተማችሁ በፊት ይህን እዩልኝ።

ወሬው አዲስ አይደለም። ግሪኮች ያሉት ነው፤ ግሪካዊው ጸሐፊ ፕሉታርክ ራሱ ጽፎታል፣ ያውም የፋርሱ ንጉሥ ቂሮስ ከሞተ ከ600 ዓመት በላይ ቆይቶ። የዛሬ የቋንቋ ሊቃውንት አብዛኞቹ ግን አይቀበሉትም።

ምክንያቱን ለማየት የእኛ ፊደል ይበቃል፤ «ከ» እና «ኸ»ን ይለያልና። ኢራናውያን ንጉሡን «ኩሮሽ» ይሉታል፣ በ«ከ»። ፀሐይን ደግሞ «ኾርሺድ» ይላሉ፣ በ«ኸ»። በጥንቱ ፋርስኛም ስሙ «ኩሩሽ» ነው፣ ባቢሎናውያን «ኩራሽ» ብለው ጽፈውታል፣ በዕብራይስጡ ዕዝራ 1፥1 ላይ «ኮሬሽ» ይባላል። ሁሉም በ«ከ»። (የእኛ «ቂሮስ» በግሪክ በኩል የመጣ ስለሆነ እሱን ብቻ አይቶ መፍረድ አይቻልም።) ፋርስኛ የሚያውቅ ሰው ካላችሁ ሁለቱን ቃላት ጎን ለጎን እንዲጽፍላችሁ ጠይቁት፤ የመጀመሪያ ፊደላቸው ይለያያል።

ትርጉሙ ላይ ሊቃውንቱ እስካሁን አልተስማሙም። አንዳንዶቹ «ጠላትን በቃል ክርክር የሚረታ» ይሉታል። ሌሎቹ ከኤላም (በዛሬዋ ኢራን ደቡብ ምዕራብ ከነበረ ጥንታዊ ሀገር) ቋንቋ ነው ባዮች ናቸው፤ የንጉሡ አባቶች የነገሡት በኤላማውያኑ ከተማ በአንሻን ነበርና።

ስለዚህ ካርዱ ላይ «የፋርስ ንጉሥ ስም» ብላችሁ ብትጽፉ ልክ ነው። ልጁ አድጎ ሲጠየቅም አያፍርበትም።