ኢትዮ ጃዝ ግልባጭ አይደለም

ወንድሜ፣ «ሙላቱ አስታጥቄ የአሜሪካን ጃዝ ገልብጦ አመጣልን» ያልከው ደሴ ውስጥ ደጋግሜ የምሰማው ስሕተት ነው። የኢትዮ ጃዝ ፈጣሪው ሙላቱ ጅማ ተወልዶ በዌልስ፣ በለንደንና በቦስተን ተምሯል። እ.ኤ.አ. በ1966 ኒው ዮርክ ውስጥ አልበም ሲያሳትም ግን የአገሩን ዜማ ይዞ ነበር። በፒያኖውና በቫይብራፎኑ (በመምቻ በሚመታው ባለ ብረት መሣሪያ) ከላቲን አሜሪካ ምትና ከጃዝ ጋር ያገናኘው ባለ አምስት ድምፁን የእኛን ቅኝት ነው። ከአራቱ ዋና ዋና ቅኝቶች ሁለቱ፣ ባቲና አምባሰል፣ የወሎ ምድር ስሞች ናቸው! አምባሰልን በማሲንቆ እየሰማ ያደገ ሰው ይህን እንዴት ይስታል? ከባዱም ሥራ እዚሁ ላይ ነበር፤ ዐሥራ ሁለቱ የጃዝ ድምፆች አምስቱን ከሸፈኑ ቅኝቱ ይጠፋል። ሙላቱ ዜማው ሳይዋጥ ሁለቱን አስማማቸው።