ናኖ ነው እኮ!

እኛ ሰፈር ሰው ድንች ሲገዛ ማየት አለባችሁ። የምኖረው ቱሉ ዲምቱ ነው፤ የአዳማው ፈጣን መንገድ ከሚጀምርበት ብዙም ሳይርቅ። ከኮንዶሚኒየሙ ሥር ሸራ ዘርግተው አትክልት የሚሸጡ እናቶች አሉ። ገዢው መጀመሪያ ሚዛኑን በጥርጣሬ ያየዋል። ባዶውን ሚዛን በጣቱ ጫን ለቀቅ ያደርገዋል። መርፌዋ ዜሮ ላይ ካልተመለሰች ጉድ ፈላ። ቀጥሎ ድንቹን አንድ በአንድ እያነሳ ጭቃውን ያራግፋል። ጭቃም ይመዝናላ! በገዛ ብሩ ጭቃ ሊገዛ ነው? ተመዝኖ ተከፍሎ ካለቀ በኋላ ደግሞ «በሉ እንጂ እትዬ፣ ይመርቁልኝ» ይላል። ምርቃቱ ፌስታሉ ውስጥ ጠብ ሲል ካልሰማ ንቅንቅ የለም።

ይኸው ሰው አስፋልቱን ይሻገራል። «ናኖ» የሚል ጽሑፍ የተለጠፈበት በር ይገባል። እዚያ ሌላ ሰው ነው።

«ስንት ነው?»

ይነገረዋል።

«ምነው ተወደደ?»

«ናኖ ነው እኮ!»

«እእ...» ይላል አንገቱን እየነቀነቀ። ይከፍላል።

ሚዛን መነካካት የለ፣ ማራገፍ የለ፣ ምርቃት የለ። ደላላውን፣ ጎረቤቱን፣ አንዳንዴም የገዛ ወንድሙን የማያምን ሰው በአንዲት ባለ ሁለት ፊደል ቃል እጅ ሲሰጥ ማየት እንዴት ደስ ይላል! ዛሬ ብዕሬን ያነሳሁት ይህን እምነት ላወድስ ነው።

እስቲ ከብሎካችን እስከ ታክሲ ተራው አብረን እንሂድ። ሩቅ አይደለም። በስተቀኝ ናኖ ፀጉር ቤት አለ። ከጎኑ ስልክ ቤት፤ ናኖ ግላስ ይለጥፋል። ፊት ለፊት መኪና እጥበት፤ ናኖ ይቀባል። ትንሽ ወረድ ሲሉ የሕንፃ ዕቃ መደብር፤ ናኖ ቀለም አለው። ታክሲ ተራው ላይ አንድ ልጅ «ናኖ ካልሲ! የማይሸት ናኖ ካልሲ!» እያለ ይጮሃል። ትልቁ አድናቆቴ ለዚህ ልጅ ነው። ሌሎቹ ቢያንስ ቤት ተከራይተዋል። እሱ የያዘው ካልሲና ቃሉን ብቻ ነው።

ለነገሩ በሰሌዳ ቃል መማለል አዲሳችን አይደለም። አንድ ሰሞን ሁሉ ነገር «ዘመናዊ» ነበር፤ ዘመናዊ ልብስ ስፌት፣ ዘመናዊ ዳቦ ቤት። ከዚያ «ኢንተርናሽናል» መጣ። ሦስት በርጩማ ያላት ሻይ ቤት ኢንተርናሽናል ሆነች። «ዲጂታል» ተከተለ፣ «ስማርት» ተከተለ። እነዚህ ቃላት ግን አንድ ጉድለት ነበረባቸው። ሰው ትርጉማቸውን በግምትም ቢሆን ያውቀዋል። ኢንተርናሽናል ሻይ ቤት ገብቶ ከጎረቤቱ በቀር ሰው ያላየ ደንበኛ ሊያኮርፍ ይችላል። ናኖ ከዚህ ሁሉ ነቀፋ ነጻ ነው። አይታይማ! ዕቃው በዓይን አይታይም ተብሎ የተሸጠለት ሰው «የታለ?» ብሎ እንዴት ይጠይቃል?

ትርጉሙን ማወቅ ለምትፈልጉ (ግን ለምን ትፈልጋላችሁ?) ልንገራችሁ። ቃሉ የግሪክ ነው። ሥሩ «ናኖስ» ሲሆን ድንክ ማለት ነው። እንግዲህ አያቶቻችን ድንክ አልጋ ላይ ሲተኙ ናኖ አልጋ ላይ ነበሩ ማለት ነው፤ ለዚያ ግን ተጨማሪ የጠየቃቸው አናጢ አልነበረም። በ1960 እ.ኤ.አ. ዓለም አቀፉ የመለኪያ ሥርዓት ሲደነገግ ናኖ በቅድመ ቅጥያነት ገባ። አንድ ቢሊዮንኛ ማለት ሆነ። አንድ ሜትርን ቢሊዮን ቦታ ከፋፍላችሁ አንዷን ብታነሱ ናኖሜትር ናት። ጥፍራችሁ በየሰከንዱ የሚያድገው ወደ አንድ ናኖሜትር ገደማ ነው። ይህቺን አንቀጽ አንብባችሁ እስክትጨርሱ በአሥሮች የሚቆጠር ናኖ አድጋችኋል። እንኳን ደስ አላችሁ።

ናኖ እንግዲህ መለኪያ ነው። የኪሎ ዘመድ ነው። ኪሎም ከግሪክ የመጣ ቅድመ ቅጥያ ነው፤ ሺህ ማለት። ያንን ዘመዱን እንዴት እንዳከበርነው ተመልከቱ። አራት ኪሎ፣ ስድስት ኪሎ ብለን ሰፈር ሰይመንበታል። መቶ ግራም ብትጎድል ብሎኩ ሁሉ የሚሰማው ጠብ እናነሳለን። አንድ ነጋዴ «ይሄ ኪሎ ቀለም ነው» ቢለን «ስንት ኪሎ?» እንለዋለን። «ናኖ ቀለም ነው» ሲለን ግን ስንት ናኖ፣ የምኑ ናኖ የሚል የለም። ስንዝር ዘይት፣ ደርዘን ሳሙና እንደ ማለት ነው። ደርዘን ሳሙናውስ ይሁን፣ እንደውም ይገባል። ስንዝር ዘይት ገዝቶ በደስታ ወደ ቤቱ የሚሄድ ሕዝብ ግን ከእኛ ሌላ የት ይገኛል?

ናኖቴክኖሎጂ የሚለውን ቃል በ1974 እ.ኤ.አ. የተጠቀሙበት ጃፓናዊው ኖሪዮ ታኒጉቺ ናቸው። ያወሩት ዕቃን በናኖሜትር ደረጃ አስተካክሎ ስለ መሥራት ነበር። ዛሬ ሙያው በጥቅሉ ከ1 እስከ 100 ናኖሜትር ባለው መጠን ላይ ይሠራል። እዚያ ድረስ መውረዱ ለጉራ አይደለም። ነገር ያን ያህል ሲያንስ ጠባዩ ይለወጣል። ወርቅ እንደዚያ ደቆ ውሃ ውስጥ ሲበተን ቀይ ሆኖ ይታያል። የኮቪድ ኤምአርኤንኤ ክትባቶች በዚህ መጠን ባሉ የቅባት ቅንጣቶች ተጠቅልለው ነው ሰው ክንድ የገቡት። ብር የተባለው ማዕድንም በዚህ መጠን ጨርቅ ላይ ሲገባ ሽታ የሚያመጡትን ባክቴሪያዎች ይገድላል፤ ስለዚህ ናኖ ካልሲ የሚባል ነገር በዓለም ላይ በእርግጥ አለ። የታክሲ ተራው ልጅ እንዳይሰማኝ እንጂ። እውነተኛው ሙያ ላብራቶሪ ውስጥ ዓመታት ይፈጃል። የእኛ ሰፈሩ ግን ተለጣፊው ታትሞ እስኪደርቅ ነው የሚፈጀው። በዚህስ ማን ይቀድመናል?

ባለፈው የእህቴን ልጅ ለሰርግ ፀጉሯን ልታሠራ ይዣት ሄድኩ። «ናኖ ነው የምሠራው» አለች። አራት ሰዓት ተቀመጥን። እኔ ተቀመጥኩ ልበል እንጂ እሷማ ተጠበሰች። ቅባቱ ተቀባ፣ ፒያስትራው ጋለ፣ ጭሱ ሲነሳ እኔም ባለሙያዋም አብረን አለቀስን። እንባዬን እየጠረግኩ ጠየቅኳት።

«ይቅርታ እህቴ፣ ናኖ ማለት ምን ማለት ነው?»

«ውስጥ ድረስ የሚገባ ነው ጋሼ።»

«የት ውስጥ?»

«ውስጥ ነዋ!»

እንዲህ ያለ መልስ ማን ይመክተዋል? የሰው ፀጉር ውፍረቱ ከ80,000 እስከ 100,000 ናኖሜትር ገደማ ነው። ለናኖ ቅንጣት አንዲት ዘለላ ፀጉር የዋርካ ግንድ ናት። ቅንጣቷ ገባች አልገባች ማን ቆሞ አየ? ፀጉሩን እንደ ሐር ያስተኛው የጋለው ብረት ነው ብል ደግሞ የሰርግ ደስታ ማደፍረስ ይሆንብኛል። ዝም አልኩ። ሂሳቡን ሳይ የባሰ ዝም አልኩ።

ስልክ ቤቱን በአክብሮት እንለፈው። እዚያ ያለው ናኖ ሲም ርዝመቱ 12.3 ሚሊሜትር ነው። ይህ ወደ ናኖሜትር ሲመነዘር አሥራ ሁለት ሚሊዮን ሦስት መቶ ሺህ ይሆናል። ቢሆንም በእሱ አልፈርድም። ከማይክሮ ሲም አንሻለሁ ብቻ ነው ያለው፤ ድንክነቱን ያመነ ናኖ እሱ ብቻ ነው።

ምስጋና ቢሶቹ ጀርመኖች ናቸው። በ2006 እ.ኤ.አ. እነሱ ጋ «ማጂክ ናኖ» የሚባል የመታጠቢያ ቤትና የመስታወት ስፕሬይ ገበያ ላይ ወጣ። ወደ መቶ የሚጠጉ ሰዎች ነፉትና ትንፋሽ አጠራቸው፣ ሳል ያዛቸው። ዕቃው ተሰበሰበ። ዓለም «ናኖ መርዝ ነው» ብሎ ሊንጫጫ ሲል ተመረመረ። የናኖ ቅንጣት የሚባል ነገር አልተገኘበትም። ስሙ ላይ ብቻ ነበር። እንደዚህ ዓይነት ምርመራ ይገርማል፤ ሰው እንዴት የገዛውን ዕቃ ከፍቶ ውስጡን ያያል? እኛ እንዲህ ዓይነት ነውር አንሠራም።

ከእኛ ብሎክ አንድ ሻጭ የናኖ ውሃ ማጣሪያ ይዞ የነዋሪው ስብሰባ ላይ መጥቶ ነበር። ለፍትሕ ያህል፣ ናኖ ፊልትሬሽን የሚባል እውነተኛ ሥራ አለ። የማጣሪያው ቀዳዳ ወደ አንድ ናኖሜትር ይጠጋል፤ ውሃው እንዲያልፍበት ግን በኃይል መገፋት አለበት። እኛ አራተኛ ፎቅ ላይ ግፊት የምናውቀው ከታክሲ ሰልፍ ነው። ውሃው በፈረቃ ይመጣል፤ በፈረቃም ሲመጣ ደረጃ መውጣት ይታክተዋል። ቢሆንም አሥራ አንድ ቤት ገዛ። እኔም አንዱ ነኝ። እስካሁን ማጣሪያዬ በአብዛኛው ያጣራው አየር ነው፤ አየሩ ግን እጅግ ንጹህ ነው።

ወደ ዋናው ጉዳዬ ልምጣ። ሐምሌ ላይ ነው። አንድ የባጃጅ ሾፌር ከአስፋልቱ ወደ ውስጥ ሊወስደኝ ተስማማን። ባጃጇ እንደ መስታወት ታበራለች።

«ናኖ አስቀብቻት ነው ጋሼ» አለኝ። «ከእንግዲህ ጭቃ አይነካትም። ያንሸራትተዋል።»

«ስንት ፈጀብህ?»

ነገረኝ። የሦስት ቀን ገቢው ነው።

አስፋልቱን ለቀን ሃምሳ ሜትር እንኳ አልሄድንም። የፊት ጎማው ከነመከለያው ጥቁር ዋልካ ጠቅጥቆ ቆመ። መዞር አቃተው። ልጁ ወርዶ በእንጨት ይፈቅፍቅ ጀመር። ቀለሙ ላይ በእርግጥ ውሃው እንደ ዶቃ እየተንከባለለ ይወርድ ነበር፤ ያየሁትን አልክድም። ጭቃው ግን ውሃ አይደለም። ይጎተታል፣ እንደ ሊጥ ይሳሳባል፣ ከእንጨቱ ወደ ጫማ፣ ከጫማ ወደ ሱሪ ይተላለፋል። እኔም ወርጄ ገፋሁ። ጫማዬ በየእርምጃው ክብደት እየጨመረ ሁለት ኪሎ የሚሆን መሰለኝ። ናኖ ኪሎ አይደለም፤ የምናውቀው ኪሎ።

እዚያ ቆሜ ነው አንድ ነገር ትዝ ያለኝ። የአቃቂ አካባቢ ጥቁር አፈር በስሜክታይት ሸክላ የታወቀ ነው። ይህ ሸክላ እንደ መጽሐፍ ቅጠል በተደራረቡ ንጣፎች የተሠራ ነው። የአንዷ ንጣፍ ውፍረት ስንት ይመስላችኋል? አንድ ናኖሜትር ገደማ። ዝናብ ሲመጣ ውሃው በንጣፎቹ መካከል ይገባል፣ አፈሩ ያብጣል፣ ይጣበቃል። በጋ ሲሆን ውሃው ይወጣል፣ አፈሩ ይኮማተርና እጅ የሚያስገባ ስንጥቅ ይሆናል። የቤታችንን አጥር የሚሰነጥቀው እሱ ነው። ፀጉር ቤቷ ያለችው «ውስጥ ድረስ የሚገባ» ነገር እዚህ አለላችሁ።

እንግዲህ በመንገዳችን ላይ ናኖነቱን ተለክቶ የሚያስመሰክር ዕቃ ይህ ነው። ሰሌዳ የለውም። አስተዋዋቂ የለውም። በነጻ ይታደላል፣ ያውም ቤት ድረስ። እኛ ደግሞ የሦስት ቀን ገቢ ከፍለን በናኖ ስም እናባርረዋለን።

ማምሻውን ከነጭቃዬ እትዬ ጋ ድንች ልገዛ ቆምኩ። ሱሪዬን አይተው «ውይ ልጄ፣ ምን ሆነህ ነው?» አሉኝ። ሁሉንም አጫወትኳቸው። ንጣፉን፣ ውሃውን፣ አንድ ናኖሜትሯን። በጥሞና ሰሙኝ።

«እና ይሄ ሰው ሁሉ እዚህ ሲያራግፍብኝ የሚውለው ናኖ ነው በለኛ?»

«እንደዚያ ነው እትዬ።»

ከዚያ በላይ አልጠየቁኝም። ሚዛኑን ጠረግ አድርገው ድንቼን መዘኑልኝ።

በማግሥቱ በዚያው ሳልፍ አንድ ሰውዬ ቁጢጥ ብሎ ድንች ይመርጣል። ሚዛኑን ነካ አደረገ። አንድ ትልቅ ድንች አንስቶ ጭቃውን ሊያራግፍ እጁን ሲሰነዝር እትዬ ክንዱን ያዝ አደረጉት።

«ኧረ ተው ልጄ፣ አታራግፈው። ናኖ ነው እኮ!»

ሰውዬው ድንቹን አገላብጦ አየው።

«እእ...» አለ አንገቱን እየነቀነቀ። ከነጭቃው ሚዛኑ ላይ ቀስ አድርጎ አስቀመጠው።