«ኖሮ» የሚሟገትበት ችሎት

«ሹፌሩ ባይጠጣ ኖሮ ልጄ ዘንድሮ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ይሆን ነበር።»

ልጇን በመኪና አደጋ ያጣች እናት ችሎት ፊት የምትናገረው፣ ቃሉ ቢለያይም፣ ቅርጹ ይኸው ነው። በዚህች አንዲት ዓረፍተ ነገር ውስጥ ሁለት ዓለም አለ። በአንዱ ልጁ አፈር ለብሷል፤ በሌላው ደብተሩን ዘርግቶ ለማትሪክ ያጠናል። አማርኛ ለዚህ ለሁለተኛው ዓለም የራሱን ቃል አበጅቶለታል፤ «ኖሮ» ይለዋል። ዳኛውም ይህን ሲሰማ «የሌለ ዓለም አታምጪብኝ» ብሎ አያቋርጣትም።

ስለ ትይዩ የጊዜ መስመሮች የሚተርኩ ልብ ወለዶችና ፊልሞች በበዙበት በዚህ ዘመን አንድ ጥያቄ ደጋግሞ ይነሳል። በመስመሮቹ መካከል በር ቢከፈት የየትኛው ሕግ ይገዛል? ማዶ ያለው «እኔ» ሰው ቢገድል፣ እዚህ ያለሁት እኔ እጠየቃለሁ? (ሐሳቡን ከሳይንስ ወገን ያነሳው አሜሪካዊው የፊዚክስ ሊቅ ኂው ኤቨረት ነው፣ በ1957 እ.ኤ.አ.። በእሱ ስሌት ግን መስመሮቹ አንዴ ከተለያዩ አይነጋገሩም። በሩ የደራስያን ነው።) እንዲህ ላለው ዓለም ከሥሩ አዲስ የፍትሕ ፍልስፍና ያስፈልጋል የሚሉ አሉ። እኔ አይመስለኝም። ያልሆነው ዓለም ለተበዳይ ይመስክር፤ ሰው ለማሰር ግን ምስክርነቱ አይሰማ። ይህን ከያዝን በሩ ቢከፈትም ብዙ አንደናበርም። የሚገርመው፣ ሕጋችን ፊዚክሱን ሳይጠይቅ እዚያው አካባቢ ደርሷል።

ከካሳ ልጀምር። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 2091 ካሳው ከደረሰው ጉዳት ጋር እኩል መሆን አለበት ይላል። ጉዳቱን ለመለካት ዳኛው ያልሆነውን ዓለም ማየት ግድ ይለዋል፤ ሟች በሕይወት ቢኖር ምን ያህል ይሠራ ነበር፣ ለቤተሰቡ ስንት ይቆርጥ ነበር? ቀጣዩ አንቀጽ እንዲያውም፣ ወደፊት መድረሱ የተረጋገጠ ጉዳት እስኪደርስ ሳይጠበቅ ይካስ ይላል። የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም፤ ሕጉ ግን እንስራው ባይሰበር ኖሮ ስንት ጣሳ ይቀዳ እንደነበር ቆጥሮ ያስከፍላል።

ይኸው ሕግ ኀዘን ላይ ሲደርስ ግን እጁ ይታሰራል። በአንቀጽ 2116 መሠረት ለኅሊና ጉዳት የሚከፈለው ካሳ ከ1,000 ብር አይበልጥም። አንድ ሺህ ብር! በ1952 ዓ.ም. ገንዘብ ነበር፤ ዛሬ ለልቅሶው ድንኳን እንኳ አይበቃም። የጠፋን ደመወዝ እስከ ጡረታ ድረስ ተከትሎ የሚቆጥር ሕግ፣ የጠፋው ልጅ ሲሆን ደጃፍ ላይ ቆሞ ይመለሳል። ትይዩ ዓለማትን ለማስተዳደር ከመጣደፋችን በፊት ይህችን ቁጥር ብንቀይራት ደስ ይለኛል።

ወደ ቅጣት ስንሻገር ነገሩ ይከብዳል። ሁለት የሚኒባስ ሹፌሮች አስቡ። ከአንድ ግሮሰሪ እኩል ጠጥተው ወጡ፣ በእኩል ፍጥነት ነዱ። የአንዱ መንገድ ባዶ ነበርና ቤቱ ገብቶ ተኛ። በሌላው ፊት ልጅ ብቅ አለ። የመጀመሪያው ምናልባት ትራፊክ ፖሊስ ይዞት ይቀጣው ይሆናል። ሁለተኛውን በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 543(3) ከ5 እስከ 15 ዓመት ጽኑ እስራት ይጠብቀዋል። ፈላስፋው በርናርድ ዊልያምስ በ1976 እ.ኤ.አ. «የሞራል ዕድል» ብሎ የሰየመው፣ ሌላው ፈላስፋ ቶማስ ኔግልም የተከራከረበት እንቆቅልሽ ይኸው ነው።

በሩ ከተከፈተ ዐቃቤ ሕጉ ማስረጃ አያጣም። የመጀመሪያውን ሹፌር ይዞ «በጎረቤት መስመር አንተው ገድለሃል፤ የለያችሁ የአንድ ልጅ እርምጃ ብቻ ነው» ይለዋል። ክርክሩ ያሳምናል፤ እኔንም ለጥቂት ቀናት አሳምኖኝ ነበር። ግን ይህን ከተቀበልን ማን ይተርፋል? ስልኩን እያየ የነዳ፣ ከሰል አቀጣጥሎ ሳያጠፋ የተኛ፣ ሕፃን ደረጃ ላይ ለደቂቃ የተወ ሁሉ በአንዱ መስመር ገዳይ ነው። ሁሉም ጥፋተኛ በሆነበት አገር ደግሞ ማን እንደሚታሰር የሚወስነው የባለሥልጣን ቂም ነው።

«ሙከራስ?» የሚል አይጠፋም። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 27 ለመግደል የሞከረን ሰው፣ ተጠቂው ባይሞትም፣ ያስቀጣዋል። እዚያ የሚቀጣው ግን በዚህኛው መስመር የሆነ ነገር ነው፤ ሐሳቡም ጅማሬውም እዚሁ ተፈጽመዋል። እኔ የምወዳት አንቀጽ 29ን ናት። በአጉል እምነት ወይም በየዋህነት፣ ማንንም ሊጎዳ በማይችል ዘዴ ወንጀል የሞከረ አይቀጣም ትላለች። ባላንጣውን በድግምት ሊገድል ሌሊት ዶሮ ያረደ ሰው ነፃ ይወጣል፤ በየትኛውም መስመር በዚያች ዶሮ የሚሞት ባላንጣ የለምና።

ማዶ ያለው እኔ ዘመዴ ሆኖ ካሳውን ባካፍለውስ? ባህሉ አለን። መድኣ በሚባለው የአፋር ባህላዊ ሕግ የደም ካሳ የሚከፍለው ጎሳው በጋራ ነው። ጎሳው ግን የሚከፍለው ደስታውንም ችግሩንም አብሮ ስለተካፈለ፣ ነገ በተራው ስለሚከፈልለትም ነው። ማዶ ያለው ሰው ስሜንና መልኬን ይዟል እንጂ አብሮኝ ቆርሶ አልበላም። ወንጀል ሠርቶ በበሩ ሾልኮ ወደ እኛ ቢመጣ ያው እጅ ነውና ይያዝ፤ እኔን ግን ተዉኝ።

በሕጋችን ውስጥ ለዚያ በር በጣም የሚቀርበው ሰው ግን ጠፍቶ የተመለሰው ነው። ሁለት ዓመት ወሬው ያልተሰማን ሰው ፍርድ ቤት በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 154 መሠረት እንደጠፋ ሊወስንበት ይችላል፤ በቤተሰብ ሕጉም ውሳኔው ጋብቻውን ያፈርሰዋል። ጦር ሜዳ ቀርቷል ተብሎ ተዝካሩ ከወጣ በኋላ በር ያንኳኳ ወታደር ታሪክ ለእኛ እንግዳ አይደለም። በእሱ መስመር አልሞተም፤ በቤቱ መስመር ግን ተለቅሶለታል፣ ሚስቱም ሌላ አግብታለች። ማንም አልዋሸም፣ ማንም አልበደለም። እንዲህ ያለ ጉዳይ የደረሳቸው ሽማግሌዎች ጥፋተኛ ሲፈልጉ ቢውሉ ምን ያገኛሉ?

ያቺን እናት ወደ በሩ እናምጣት። ማዶ ልጇ አለ፤ ድምፁ ጎርንኗል፣ ደብተሩን ዘርግቷል። «ልጅሽ ይኸው ሕያው ነው፣ ካሳውን መልሺ» የሚል ጠበቃ ቢመጣ አስወጡት፤ የሞተው የእሷ ልጅ ነው፣ የሹፌሩም ዕዳ በቦታው አለ። ደፉ ላይ ቆማ እንድታየው ግን እፈቅድላት ነበር። ገብታ እንድትወስደው አልፈቅድም። ለእራት ሲጠራ «አቤት» የሚላት እናት እዚያው አለችው።